ያልተነሳሁበት ወንበር

እትዬ ፀዳለ «አሳዳጊ የበደለህ!» ያሉኝ ጡረታ በወጣሁ ሰሞን ነው። እትዬ ፀዳለ እዚህ ሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ ጎዳና ላይ ምግብ ቤት ያላቸው፣ ከታክሲ ዘመኔ ጀምሮ የሚያውቁኝ፣ ሽሮዬን ሳልጠይቅ የሚያቀርቡልኝ ሴት ናቸው። ያን ቀን ግን ሽሮም አልመጣ፣ ሰላምታም አልመጣ። እጃቸውን ወገባቸው ላይ አድርገው ከጠረጴዛዬ ፊት ቆሙ።

«እኒያን የመሰሉ ሽማግሌ ፊትህ አቁመህ፣ አንተ ወንበር ላይ ተጎልተህ! ለመሆኑ ወላጅ አለህ?»

«እትዬ፣ ፊልም እኮ ነው» አልኳቸው።

«ፊልምም ቢሆን! ሰው ፊልም ሊሠራ ሲሄድ አስተዳደጉን ቤቱ ጥሎ ይሄዳል?»

ፊልሙን የሠራችው የገዛ ልጃቸው ሊያ ናት። ለሷ አበባ ሰጧት፣ ስድቡ ለኔ ደረሰኝ። እኔ ግን ሳቄን መደበቅ አቃተኝ። በሥራ ዘመኔ ሽልማት የሚባል ነገር ተቀብዬ አላውቅም፤ ያን ስድብ ግን በምንም ሽልማት አልለውጠውም። ለምን እንደሆነ ለመናገር ከሥሩ መጀመር አለብኝ።

ታፈሰ እባላለሁ። ሥራዬ የፊልም ተዋናይነት ነበር። ይህን ስል ፌርፋክስ ላይ የማይስቅ የለም። «ጡረታ ወጣሁ» ባልኩ ጊዜም «ከምኑ?» ብለው ስቀውብኛል። አልፈርድባቸውም፤ ፊልም ላይ ከኖርኩት የሞትኩት ይበልጣል። ተተኩሶብኛል፣ ከመርከብ ተወርውሬአለሁ፣ አንበሳ በልቶኛል፤ አንድ ጊዜም ፊልሙ ሳይጀመር ሞቼ በሬሳነት ብቻ ተቀጥሬአለሁ። ይሁን እንጂ አሟሟቴን ያማ ሰው እስከ ዛሬ አላገኘሁም። ይህን ሙያ ያስተማሩኝ አርካዲ ፔትሮቪች የሚባሉ ሩስያዊ የፊልም ተዋናይ ናቸው። የኔን የሥራ ዘመን ያለ እሳቸው ማውራት አይቻልም።

ተወልጄ ያደግሁት ኮምቦልቻ ነው። አባቴ ልብስ ሰፊ ነበሩ። በቤታችን የማይሻር ሕግ ነበር፤ ትልቅ ሰው ሲገባ «ኖር!» ብሎ ብድግ ማለት። የገባውም ሰው «በእግዜር» ይልና ያስቀምጥሃል። ሳይነሳ የተገኘ ልጅ የዚያን ቀን ራቱን ቆሞ ይበላል። እኔ ጨዋታ ስለሚይዘኝ ብዙ ራት ቆሜ በልቻለሁ። ኋላ ግን ጉልበቴ ራሱ ተማረ፤ በር ሲንቋቋ እኔ ሳላዘው ይነሳል።

በደርግ ጊዜ ለትራክተር መካኒክነት ትምህርት ሶቭየት ኅብረት ተላክሁ፤ ሌኒንግራድ። አንድ ቀን ወደ ተማሪዎች ማደሪያችን የፊልም ሰዎች መጡ። ጥቁር መርከበኛ ይፈልጋሉ። ኮሪደሩ ላይ አሰለፉንና ረጃጅሞቹን መረጡ። ሄድኩ፣ ገመድ ጎተትኩ፣ ከመርከብ ተወረወርኩ። ከሥር ፍራሽ ነበር። ትራክተሩን እዚያው ፍራሽ ላይ ረሳሁት።

የመርከቡ ካፒቴን አርካዲ ፔትሮቪች ነበሩ። እንደኛው የአባታቸው ስም ተጨምሮ ካልተጠሩ ቅር ይላቸዋል። መንገድ ላይ ሰው ባርኔጣውን የሚያነሳላቸው፣ ታክሲ ነጂ ሒሳብ አልቀበልም የሚላቸው ሰው ናቸው። የተወለዱት ቮልጋ ወንዝ ዳር ባለች ትንሽ ከተማ ነው። አባታቸው የሕዝብ መታጠቢያ ቤት እሳት አንዳጅ ነበሩ። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲያበቃ አርካዲ ፔትሮቪች እዚያው ከተማ ቲያትር ቤት በር ጠባቂ ሆነው ተቀጠሩ። «ተዋናዮቹ ሲገቡ ሌላ፣ ሲወጡ ሌላ ሰው ሆነው ሳያቸው ቀናሁ» ይሉ ነበር። ከበሩ ወደ መድረኩ፣ ከመድረኩ ወደ ፊልሙ ተሻገሩ። ሐኪም ሆነዋል፣ ባቡር ነጂ ሆነዋል፣ ጄኔራል ሆነዋል። አፍንጫቸው ጠማማ ስለሆነ አፍቃሪ ሆነው አያውቁም። «እኔ ሁልጊዜ አፍቃሪውን የምመክረው ሰው ነኝ፤ ምክሬን ሰምቶ የተጠቀመ ግን የለም» እያሉ ይስቁ ነበር።

አሠራራቸውን ልንገራችሁ። ቀረጻ ባለበት ቀን ከሁሉም ቀድመው ይመጣሉ። መጀመሪያ በሩን ይከፍታሉ፣ ይዘጋሉ፣ እንደገና ይከፍታሉ። «የገዛ ቤቱን በር የማያውቅ ሰው ሌባ ይመስላል» ይላሉ። ቀጥለው በክፍሉ ውስጥ ያለ ወንበር ሁሉ ላይ እየዞሩ ይቀመጣሉ። የራሳቸው ወንበር ላይ ብቻ አይደለም፤ ጠላታቸው የሚቀመጥበትም ላይ ነው። ከዚያ የሻይ ብርጭቋቸውን ይዘው ጥግ ላይ ሆነው የሌላውን ሰው ቃል ያጠናሉ። የራሳቸውን ሳይሆን የሌላውን።

«የራስህን ቃል ደንቆሮም ይሸመድደዋል» አሉኝ አንድ ቀን። «የሚያናግርህን ሰው ቃል ካወቅህ፣ ያንተ ቃል ራሱ ተጠርቶ ይመጣል።»

መሞትንም ከሳቸው ተማርኩ። በዓይን ሳይሆን በእጅ ነው የሚሞተው። ዓይኑን እያጉረጠረጠ የሚሞት ተዋናይ ያስቃል፤ የያዘውን ነገር ቀስ ብሎ የሚለቅ ግን ያስለቅሳል። ይህቺ ትምህርት ኋላ ሎስ አንጀለስ ላይ እንጀራ ሆናልኛለች።

አሁን ወደ ውድቀቴ ልምጣ። ትንንሽ ሚናዎች ከሠራሁ በኋላ አርካዲ ፔትሮቪች አንዱን ዳይሬክተር ለምነው ስም ያለው ሰው አደረጉኝ። በሩቅ ወደብ ያለ ክፉ የጉምሩክ ሹም ሆንኩ። ሹሙ እግሩን ጠረጴዛ ላይ ሰቅሎ ተቀምጧል። አሮጌው ካፒቴን ባርኔጣውን በእጁ ይዞ ይገባል። ሹሙ ሳይነሳ፣ ከቁብም ሳይቆጥረው፣ አቁሞ ያዋርደዋል። ካፒቴኑ እንግዲህ አርካዲ ፔትሮቪች ናቸው።

ካሜራው ዞረ። በሩ ተንቋቋ። ብድግ አልኩ።

ሰው ሁሉ ሳቀ፣ እኔም አብሬ ሳቅሁ። ደገምነው፤ በሩ ሲንቋቋ አሁንም ብድግ። ሳቁ እየቀነሰ መጣ። እግሬን ከጠረጴዛው ጋር በገመድ አሰሩት፤ ከወገቤ በላይ ተነሳሁ። ትከሻዬን ሰው ከኋላ ያዘኝ፤ ያኔ ደግሞ ዓይኔ መሬት ወረደ። ክፉው ሹም እንደ ሙሽራ አቀርቅሮ ተገኘ። ዳይሬክተሩ ሲጋራውን ወርውሮ «ይህ ሹም አይደለም፣ አስተናጋጅ ነው» አለና ወጣ። በማግሥቱ ሚናው ለአንድ የኩባ ተማሪ ተሰጠ።

ፊልሙ ሲወጣ ሲኒማ ቤት ገብቼ አየሁት። ኩባዊው እግሩን ሰቅሎ ብርቱካን እየላጠ ካፒቴኑን ያናግረዋል። ልጁ ጎበዝ ነው፤ ሳልወድ በግዴ አመንኩ። መብራት ሳይበራ ወጥቼ ወንዙ ዳር ቆሜ አለቀስኩ። ያ ሚና የኔ ነበር፤ የወሰደብኝም ሰው የለም፤ የገዛ ጉልበቴ ነው የከዳኝ።

አርካዲ ፔትሮቪች አላጽናኑኝም። ቤታቸው ጠርተው ሻይ ቀዱልኝና «ለማን ነው የተነሳኸው?» አሉኝ።

«ለእርስዎ ነዋ!»

«እኔ እኮ እዚያ አልነበርኩም። የገባው ካፒቴኑ ነው። ካፒቴኑን ሜዳ ላይ ጥለህ ለኔ ተነሳህ።» ሻያቸውን ፉት አሉ። «እኔን ማክበር ከፈለግህ ሥራዬን አክብር። ተቀመጥ።»

ከዚያ ስነሳ የምላት ቃል ምን እንደሆነች ጠየቁኝ። ነገርኳቸው። መልሷንም አስጠናኋቸው። «በእግዜር» ለማለት ምላሳቸው ብዙ ታገለ፤ ግን ተዋናይ ናቸውና ያዟት። ውልም ገባን። ከሥራ ውጭ ስንገናኝ እንደ አስተዳደጌ እነሳለሁ፣ እሳቸውም ይመልሱልኛል። ካሜራ ሲዞር ግን እንኳን እሳቸው፣ አባቴ ከመቃብር ተነስተው ቢገቡ ንቅንቅ የለም። አንድ ዘዴም ጨመሩልኝ፤ ቀኝ እግርን ከወንበሩ እግር ኋላ ቆልፎ መያዝ። ያቺን ዘዴ ዕድሜ ልኬን ተለማመድኳት።

ሶቭየት ስትፈርስ ሁላችንም ተበታተንን። እኔ ዞሮ ዞሮ ሎስ አንጀለስ ገባሁ። ሚድ ሲቲ በሚባለው ሰፈር፣ ከፒኮ መንገድ እልፍ ብሎ አንዲት ክፍል ተከራየሁ። ቀን ታክሲ ነዳሁ፣ ቅዳሜና እሑድ ሳንታ ሞኒካ አንድ ሆቴል በር ላይ የሰው መኪና ተረክቤ አቆምኩ፣ በመካከል እየሮጥኩ ኦዲሽን፣ ማለትም የተዋናይ መምረጫ ፈተና፣ ሄድኩ። ክፍያውን አትጠይቁኝ፤ አንዱ ወር ያጠግባል፣ ሦስቱ ወር ያስጾማል። አንድ ጊዜ የታክሲ ነጂ ሚና አለ ተብዬ ታክሲዬን ውጭ አቁሜ ገባሁ። ሰውዬው ከላይ እስከ ታች አየኝና «ይቅርታ፣ ታክሲ ነጂ አትመስልም» አለኝ። ወጥቼ ያንኑ ሰውዬ ኤርፖርት አደረስኩት።

በፈረንጅ አቆጣጠር በ2010ዎቹ መጀመሪያ አንድ የኦዲሽን ኮሪደር ውስጥ ተሰልፌ ተቀምጫለሁ። እኔ የመጣሁት ለአፍሪካ ጦር አለቃ ሚና ነው። በሩ ተንቋቋና አንድ ጠማማ አፍንጫ ያላቸው ሽማግሌ ከዘራ ይዘው ገቡ። ጉልበቴ ከዓይኔ ቀድሞ አወቃቸው። «ኖር!» ብዬ ተነሳሁ።

ሽማግሌው ፊታቸውን ሳያዞሩ «በእግዜር» አሉ። ከዚያ ባሉበት ደርቀው ቆሙ።

ተቃቅፈን ስንላቀስ የተሰለፈው ተዋናይ ሁሉ ለኦዲሽኑ የምንለማመድ መስሎት በቅናት አየን። አርካዲ ፔትሮቪች ሚስታቸው ከሞተች በኋላ ልጃቸው አምጥታቸው ኖሯል። ቤታቸው እዚያው ፌርፋክስን ይዘው ወደ ሰሜን ሲወጡ፣ የሩስያ ሽማግሌዎች በሚበዙበት ሰፈር ነው። ያን ቀን የመጡት ለሩስያ ማፍያ ሚና ነበር። «ጄኔራል የነበርኩ ሰው እዚህ አገር ወንበዴ ሆንኩ፤ ቢሆንም ወንበዴውም በር ይከፍታል» አሉኝ። ሁለታችንም አላለፍንም። ከዚያ ወዲህ ግን በየሳምንቱ እሑድ ከሥራ መልስ እትዬ ፀዳለ ቤት ይዣቸው እሄድ ጀመር። ቃሪያ ስንግ ሲበሉ ላያቸው ደሴ የተወለዱ ይመስላሉ። እትዬ ፀዳለም «የኔ ሽማግሌ» ብለው ወሰዷቸው።

እነሆ ሊያ ትልቅ ሆነች፣ ፊልም ተምራ መጣች፤ የመጀመሪያ ፊልሟን እዚሁ ሚድ ሲቲ ልትሠራ ተነሳች። የአንድ አሮጌ አፓርትመንት ታሪክ ነው። አንድ ስደተኛ ሽማግሌ ከሚስቱ ጋር ዕድሜውን የኖረበትን ቤት ልቀቅ ይባላል። ሽማግሌው ወደ ሕንጻው ባለቤት ቢሮ ሄዶ፣ ሚስቱ ግቢው ውስጥ የተከለችው ሎሚ ዘንድሮ ሊያፈራ ነውና ፍሬውን አይቼ ልውጣ ይላል። ባለቤቱ ሳይነሳ ይሰማዋል፣ ሳይነሳ ይከለክለዋል። ያቺ ትዕይንት የፊልሙ እንብርት ናት።

«ሽማግሌው ሚስተር አርካዲ ነው፤ ሌላ ሰው ማሰብ አልችልም» አለችኝ ሊያ። «ባለቤቱ ደግሞ አንተ ነህ ጋሽዬ። ባት ሊስን፣ ዶንት ስታንድ አፕ፣ ኦኬ? ማሚ ስለ ራሽያው ነገር ነግራኛለች።»

«አንቺ ብቻ ወንበሩ ጠንካራ እግር ይኑረው» አልኳት።

ችግሩ ወንበሩ አልነበረም። አርካዲ ፔትሮቪች መርሳት ጀምረው ነበር። መጀመሪያ ቁልፋቸውን፣ ቀጥሎ የሰው ስም፣ በመጨረሻም ቃላቸውን። ወጥ ቤታቸው ተቀምጠን ስንለማመድ የኔን ቃል አንድ ሳይቀር ያውቁታል፤ የራሳቸው ጋ ሲደርሱ ግን ይቆማሉ። «ቃሎቹ በሩ ላይ ቆመዋል፤ አያቸዋለሁ፣ አይገቡልኝም» አሉኝ። ሊያ ጆሮ ውስጥ የምትገባ ትንሽ ማዳመጫ አመጣችላቸው፤ ሰው ከጓዳ ሆኖ ቃሉን እንዲያቀብላቸው። በአክብሮት መለሱላት። «ጆሮዬ ውስጥ ሰው እያወራ የሰው ዓይን ማየት አልችልም» አሉ። ለኔ ብቻ ደግሞ በሩስኛ እንዲህ አሉኝ፦ «ይህቺ የመጨረሻዬ ናት ታፈሰ። በሰው አፍ አልጨርሳትም።»

የቀረጻው ቀን ደረሰ። አርካዲ ፔትሮቪች እንደ ልማዳቸው ቀድመው መጥተው በሩን ከፈቱ፣ ዘጉ፣ ወንበሮቹ ሁሉ ላይ ተቀመጡ። ሊያ «አክሽን» አለች። አገባባቸው እንዴት ያምራል! እጃቸው መዝጊያው ላይ ትንሽ ይዘገያል፤ ዕድሜውን ሙሉ የሰው ቢሮ ሲገባ የተሳቀቀ ሰው እጅ ነው። ፊቴ መጥተው ቆሙ። ከዚያ ዝም አሉ።

ደገምን። እንደገና መጥተው ቆሙ። አንድ ጊዜ «ሚስቴ...» ብለው ቀሩ። አንድ ጊዜ ደግሞ ጨርሰው የት እንዳሉ ጠፋባቸው፤ በሩስኛ «ባቡሩ ሄደ?» ብለው ጠየቁኝ። ገንዘቡን ያወጣው ፕሮዲዩሰር ሊያን ወደ ውጭ ጠራት። ስትመለስ ዓይኗ ቀልቷል።

«ጋሽዬ፣ ሪፕሌስ እናደርገዋለን አለ። ነገ ሌላ አክተር ይመጣል፤ ቢሮውንም ካሜራውንም ከነገ በላይ አናገኘውም። ሶ... አንተ ንገረው። ፕሊዝ። እኔ አልችልም፣ ከልጅነቴ ነው የማውቀው።»

አርካዲ ፔትሮቪች መሐል ክፍሉ ውስጥ ባርኔጣቸውን ይዘው እንደቆሙ ናቸው። ማንም ተቀመጡ ያላቸው የለም። ያን ጊዜ የሌኒንግራዱ ሲኒማ ቤት ትዝ አለኝ፤ የገዛ ሚናህን ሌላ ሰው ሲሠራው ማየት። እኔ ያኔ ልጅ ነበርኩ፣ ብዙ ዘመን ከፊቴ ነበር። እሳቸው ምን አላቸው? ይህን ሐዘን ለሳቸው የማደርስ ሰው እኔ ልሁን? ሆዴ እምቢ አለ።

«ሊያዬ፣ ካሜራው ይቁም። ሥራ አቁመናል በይ» አልኳት። ግራ ቢገባትም አለች።

ሥራ ከቆመ ውላችን ይሠራል። ከወንበሬ ብድግ ብዬ ድምፄን ከፍ አድርጌ «ኖር!» አልኩ።

ሽማግሌው ቀና አሉ። ፊታቸው ላይ አንድ ነገር በራ። «በእግዜር» አሉ፣ አጥርተው። ክንዳቸውን ይዤ የኔ ወንበር ላይ አስቀመጥኳቸው። እኔ ደግሞ እሳቸው ቆመው የነበሩበት ቦታ ላይ ሄጄ ቆምኩ። ባርኔጣቸውን ተቀብዬ ደረቴ ላይ ያዝኩ።

አርካዲ ፔትሮቪች ጠረጴዛውን በመዳፋቸው ዳሰሱት። ጀርባቸው ቀጥ አለ። ከዚያ ቀና ብለው ከላይ እስከ ታች አዩኝና የኔን ቃል፣ የባለቤቱን ቃል፣ በዚያ በጄኔራል ድምፃቸው ተናገሩ። «አጭር አድርገው፤ የምሄድበት አለኝ።»

እኔ የሳቸውን መለስኩ። ሚስቴ የተከለችው ሎሚ አለ፣ ዘንድሮ አበባ ይዟል አልኩ። እሳቸው ከለከሉ። እኔ ለመንኩ። ቃላቸው አንድም አልጎደለም፤ ሁለታችንም ዕድሜ ልካችንን የሌላውን ቃል ስናጠና የኖርን ሰዎች ነንና ትዕይንቱ ተገልብጦ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሄደ። ሊያ አፏን በእጇ ይዛለች።

ስንጨርስ አርካዲ ፔትሮቪች ራሳቸውን ነቀነቁ።

«ደካማ ነው» አሉኝ በሩስኛ። «ሎሚውን ለመንክበት። ሎሚ አይለመንበትም። ሰውዬው እኮ የሚስቱን ስም ነው የሚነግረው። ዞር በል፣ ከቦታዬ ውጣልኝ፤ ባርኔጣዬን አምጣ።»

ከወንበሩ ተነሱና ባርኔጣቸውን ነጥቀውኝ ወደ በሩ ሄዱ። ሊያን በዓይኔ ጠቀስኳት። አንድ ቃል ሳትናገር በጣቷ ምልክት ሰጠች፤ ካሜራው ዞረ። እኔም ተቀመጥኩ፤ ቀኝ እግሬን ከወንበሩ እግር ኋላ ቆለፍኩት።

በሩ ተንቋቋ። ገቡ። «አጭር አድርገው፤ የምሄድበት አለኝ» አልኩ። እሳቸውም ቃላቸውን ጀመሩ። ቃሉ እየመጣላቸው ነው። ሚስታቸውን አነሱ፣ ግቢውን አነሱ፣ ሎሚው ጋ ደረሱ። ከዚያ ቆሙ።

ጉልበታቸው ሲንቀጠቀጥ አያለሁ። የሚደገፉበት ወንበር ፍለጋ እጃቸው አየሩን ዳበሰ። በሕይወቴ እንደዚያ ቅጽበት ብድግ ለማለት የፈለግሁበት ጊዜ የለም። አባቴ ከኋላዬ ቆመው «ተነስ!» የሚሉኝ ይመስለኛል። ብነሳ ግን ትዕይንቱ ሞተ፣ ነገ ሌላ ሰው ይመጣል። ቃሉን ባቀብላቸው በሰው አፍ ጨረሱ። ስለዚህ መምህሬን፣ ሽማግሌዬን፣ ሲንቀጠቀጡ እያየሁ አልተነሳሁም። ለምሳ እንደቸኮለ ባለቤት ሰዓቴን አየሁ። ቀና ብዬም «እህሳ?» በሚል ዓይን፣ ምሕረት በሌለው ዓይን፣ ትክ ብዬ አየኋቸው።

ያ ዓይን ጎተታቸው። አገጫቸው ቀና አለ። ሎሚውን ተናገሩ። ሳይለምኑ፣ ድምፃቸውን ሳያለሰልሱ፣ የሚስታቸውን ስም እንደሚናገር ሰው ተናገሩት። እኔ «ወሩ ሲያልቅ ቁልፉን እዚህ አገኘዋለሁ» አልኩ። እጃቸውን ኪሳቸው ከተው ቁልፉን አውጥተው ጠረጴዛዬ ላይ አኖሩት። እጃቸው ከቁልፉ ላይ ቀስ ብሎ ነው የተለየው። በሩን ከኋላቸው ዘግተው ወጡ።

ሊያ «ከት» ማለት ረስታ ቆየች። ስትል ክፍሉ በጭብጨባ ተናጋ፤ ፕሮዲዩሰሩም ያጨበጭብ ነበር። እኔ ወደሳቸው ልሮጥ ብዬ መነሳት አቃተኝ። እግሬ ወንበሩ ላይ እንደተቆለፈ ደንዝዟል። ዕድሜ ልኩን በየበሩ ሲነሳ የኖረ ሰው አሁን ሁለት ሰው ደግፎ አነሳው። አለቀስኩ፤ አላፈርኩም። ያን ቀን ከዚህ የሚበልጥ ሥራ እንደማልሠራ ስላወቅሁ በዚያው በቃኝ አልኩ።

ፊልሙ ለሰፈሩ ሰው ሲታይ አዳራሹ በለቅሶ ሞላ። ወጥቼ ፌርፋክስ ላይ ስሄድ ግን ሰላምታ የሚነፍገኝ በዛ። ፒኮ ላይ አውቶቡስ ውስጥ አንዲት እናት አጠገቤ ያለው ወንበር ባዶ ሆኖ ሳለ አልቀመጥም ብለው ቆመው ሄዱ። የእትዬ ፀዳለን ስድብ ነግሬአችኋለሁ። እንግዲህ ያ ኩባዊ ምን ያህል ተሰድቦ ይሆን እያልኩ ለብቻዬ እስቃለሁ።

ባለፈው እሑድ ሊያ እናቷ ምግብ ቤት ውስጥ የጡረታ ግብዣ አደረገችልኝ። ለባለ በዓሉ ተብሎ ትልቁ ወንበር ከመሐል ተቀመጠልኝ። እትዬ ፀዳለ ምግቡን ሠርተዋል እንጂ እኔን ገና አላናገሩኝም። ቤቱ ሞልቶ ጫጫታ ሆኖ ሳለ በሩ ተንቋቋ። አርካዲ ፔትሮቪች በልጃቸው ተደግፈው ቆመዋል። ከፊልሙ ወዲህ ብዙ ደክመዋል፤ እኔንም የሚያውቁኝ አንዳንድ ቀን ብቻ ነው። ቤቱን ዞር ዞር ብለው አዩትና ልጃቸውን በሩስኛ «የማን ቤት ነው?» አሏት።

«ኖር!» ብዬ ብድግ አልኩ።

ሊያ ተነሳች። ቀጥሎ ያ ሁሉ ሰው፣ የታክሲውም፣ የፓርኪንጉም፣ የሱቁም፣ አንድ ሳይቀር ወንበሩን ወደ ኋላ ገፍቶ ቆመ። እትዬ ፀዳለ ከወጥ ቤቱ በር ላይ መጥበሻ እንደያዙ አዩኝ፤ አዩኝና ዓይናቸውን በነጠላቸው ጠረጉ።

አርካዲ ፔትሮቪች የቆመውን ሰው ሁሉ በእርጋታ ተመለከቱ። ከዘራቸውን ትንሽ ከፍ አድርገው «በእግዜር» አሉ።

ከዚያ እንደ ልማዳቸው ወንበሮቹን እያዩ መጥተው የኔን መረጡ፤ ትልቁን፣ የመሐሉን። ተቀመጡበትም። እትዬ ፀዳለ «በል አንተም ተቀመጥ እንግዲህ፣ ምግብ ይቀዘቅዛል» ብለው ሌላ ወንበር ገፋ አደረጉልኝ። አመስግኜ እምቢ አልኳቸው። ከእንግዲህ ካሜራ የለብኝም፤ ከሽማግሌዬ ጎን እስኪበቃኝ ድረስ ቆምኩ። ራቴንም ቆሜ በላሁ።